ከረመጥ እስከ በዓል ማዕድ፦ ስኳር ድንችና አፕል በአንድ መጋገሪያ እንዴት ተገናኙ?

ዛሬ የማወራችሁ ስለ ማዳበሪያም ስለ ተባይም አይደለም። ዛሬ ታሪክ ነው። ግን ታሪኩ ዞሮ ዞሮ ማሳችሁና ጓዳችሁ ነው የሚገባው፤ እስከ መጨረሻው አንብቡልኝ። (የምጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በሥራዬ ምክንያት ብዙ ቤት እገባለሁ። ስኳር ድንች አብቃይ በሆኑ ቀበሌዎች አንድ ነገር ደጋግሜ አይቻለሁ። እንግዳ ሲመጣ የቤቱ እመቤት የስኳር ድንቹን ድስት ወደ ጓዳ ገፋ ታደርጋለች። "ዛሬ ደህና ነገር የለንም፣ ይቺው ናት" ብላ ይቅርታ ትጠይቃለች። በበዓል ቀንማ ጭራሽ አይታሰብም። ስኳር ድንች የክፉ ቀን ምግብ፣ እህል እስኪደርስ ሆድ መደለያ ተደርጎ ነው የሚታየው። ልጆችም ይህንን እያዩ ነው የሚያድጉት።

እንግዲህ ይኸው የምንደብቀው ሥር አሜሪካ ውስጥ በዓመቱ ትልቅ የቤተሰብ በዓል ቀን ማዕድ መሃል ይቀመጣል። ከአፕል ጋር ተደርቦ፣ ቅቤ ተደርጎበት፣ ተጋግሮ። እዚያም ቢሆን ድሮ የድሃ ምግብ ነበር፤ እንዲያውም የባሪያ ምግብ። እንዴት ተነስቶ እዚያ ወንበር ላይ ተቀመጠ? መልሱን ስፈልግ ያገኘሁት የእኛኑ ሙያ ነው፤ ማከማቸትን፣ ሰርቶ ማሳየትንና ማስተማርን።

ምግቡ ምንድን ነው?

አሜሪካኖች በኅዳር ወር፣ በእነሱ ኖቬምበር አራተኛ ሐሙስ፣ "ታንክስጊቪንግ" የሚሉት የምስጋና በዓል አላቸው። የመኸር በዓል ነው ማለት ይቻላል። ተርኪ የሚባለው ትልቅ ወፍ ይጠበሳል። ከጎኑ የማይቀር "ድሬሲንግ" የሚሉት ነገር አለ። ደረቅ ዳቦ ይቆራረስና በቅቤ ከበሰለ ሽንኩርትና ጥሩ ሽታ ካለው ቅጠል ጋር ተለውሶ፣ በመረቅ ርሶ ይጋገራል። ወፉ ሆድ ውስጥ ተጠቅጥቆ ሲበስል "ስታፊንግ" ይሉታል። ለብቻው በዕቃ ሲጋገር ደግሞ፣ በተለይ የደቡብ ሰዎች፣ "ድሬሲንግ" ይሉታል።

ነገሩ ለእኛ እንግዳ አይደለም። የደረቀውን እንጀራ ድርቆሽ አድርገን፣ በወጥ አርሰን ፍርፍር እንደምንሠራው ነው። የደረቀ ነገር እንዳይጣል የተፈጠረ ብልሃት ነው። እንግዲህ በዚህ ዳቦ ውስጥ በአራት ማዕዘን የተከተፈ ስኳር ድንችና አፕል ሲገባበት የዛሬው ምግባችን ሆነ። ዳቦ የማይጨምሩም አሉ፤ ስኳር ድንቹንና አፕሉን ብቻ ደርበው ይጋግራሉ።

ሁለቱ ከየት መጡ?

ስኳር ድንች በስም እንጂ በዘር ከድንች ጋር አይዛመድም። አበባውን ያየ ሰው ያውቃል፤ ሐረጉ የሚያወጣው አበባ ከድንች አበባ ጋር አይመሳሰልም። መነሻው ሞቃታማው የአሜሪካ ክፍል ነው። የዚያ አገር ነባር ሕዝቦች በሺህ የሚቆጠሩ ዓመታት አልምተውታል። በ1490ዎቹ ኮሎምበስ ወደ ስፔን ወሰደው። ከዚያ በኋላ በመርከበኞች እጅ ወደ አፍሪካና ወደ እስያ ተሰራጨ።

አፕል (በመጽሐፍ ቋንቋ ፖም የምንለው) ደግሞ ከሌላው የዓለም ጫፍ ነው የመጣው። የዱር አባቱ ዛሬ ካዛኪስታን በምትባለው አገር፣ በቲያን ሻን ተራሮች ላይ እስካሁን ይበቅላል። በንግድ መንገድ ወደ አውሮፓ ዘለቀ፤ በ1600ዎቹ ደግሞ የእንግሊዝ ሰፋሪዎች ወደ ሰሜን አሜሪካ ይዘውት ሄዱ።

አንዱ ሙቀት ይወዳል፣ ሌላው ብርድ ካላገኘ በቅጡ አያፈራም። አንዱ መሬት ውስጥ ያፈራል፣ ሌላው ዛፍ ላይ። የተገናኙት ማሳ ላይ ሳይሆን ማዕድ ላይ ነው።

በመጀመሪያው ማዕድ ላይ አልነበሩም

አሜሪካኖች የበዓሉን መነሻ የሚያደርጉት 1621 ላይ ነው። ፕሊመዝ በምትባል ቦታ የሰፈሩ እንግሊዛውያን የመጀመሪያ መኸራቸውን ሰብስበው ግብዣ አደረጉ። የአገሩ ባለቤቶች የሆኑት የዋምፓኖአግ ሰዎች ዘጠና ያህል ሆነው ከመሪያቸው ከማሳሶይት ጋር መጡ፤ አምስት አጋዘንም አመጡ። ሦስት ቀን በሉ። ይህንን የጻፈው እዚያው የነበረው ኤድዋርድ ዊንስሎ ነው።

በዚያ ግብዣ ላይ ግን ስኳር ድንች አልነበረም፤ በዚያ ብርዳም አገር ገና አይታወቅም። አፕልም አልነበረም፤ ሰፋሪዎቹ ከመጡ ዓመት አልሞላቸውም፣ ያፈራ ዛፍ ከየት ይመጣል? ዛሬ "የጥንት ባህላችን" የሚባለው ማዕድ ቀስ በቀስ የተሞላ ነው።

በዓሉ ራሱ በመላው አገር የጸናው ከ200 ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ሳራ ጆሴፋ ሄል የምትባል የመጽሔት አዘጋጅ "ይህ ቀን የሁሉም ይሁን" እያለች ለዓመታት ለባለሥልጣናት ጻፈች። በመጨረሻ ፕሬዚዳንት አብርሃም ሊንከን በ1863፣ አገሪቱ በእርስ በእርስ ጦርነት እየነደደች ሳለ፣ የኖቬምበርን የመጨረሻ ሐሙስ የምስጋና ቀን ብሎ አወጀ። አራተኛው ሐሙስ ተብሎ በሕግ የተወሰነው በ1941 ነው። የደቡብ ሰዎች መጀመሪያ ላይ "ይህ የሰሜኖቹ በዓል ነው" ብለው ቸል ብለውት ነበር። ኋላ ተቀበሉት። ሲቀበሉት ግን የራሳቸውን ምግብ ይዘው መጡ። ስኳር ድንች ወደ በዓሉ የገባው በዚህ የደቡብ በር ነው።

ከረመጥ ውስጥ

የደቡቡን ስኳር ድንች ማን ነበር የሚያለማው? ከምዕራብ አፍሪካ በግዞት ተወስደው በባርነት የተያዙ ሰዎች ናቸው። ቀን የጌታውን ጥጥና ትምባሆ ይሠሩ ነበር። ከጌታው የሚሰፈርላቸው የበቆሎ ዱቄትና ጥቂት ጨው የበዛበት የአሳማ ሥጋ ነው። ማታና እሑድ ግን አንዳንዶቹ ከጎጇቸው አጠገብ ያለችውን ቁራሽ መሬት ይቆፍሩ ነበር። እዚያች ላይ ከሚተክሉት አንዱ ስኳር ድንች ነው። ስስ መሬት ላይም አያሳፍርም፣ ብዙ ወጪ አይጠይቅም። ድስት ለሌለው ደግሞ ረመጥ ውስጥ ቀብሮ መብላት ይቻላል።

ስሙንም ከትዝታቸው ሰጡት። በአገራቸው የሚያውቁት ሌላ ሥር ነበር፤ እኛ በደቡቡ ክፍል ቦዬ የምንለው ዓይነት። "ያም" ይሉታል። ቃሉ በምዕራብ አፍሪካ ቋንቋዎች "መብላት" ከሚል ቃል የመጣ ነው። እዚያ ያገኙት ስኳር ድንች አገራቸውን ስላስታወሳቸው "ያም" አሉት። እስከ ዛሬ አሜሪካ ውስጥ ብዙ ሰው ስኳር ድንችን "ያም" የሚለው በዚህ ምክንያት ነው። ቦዬ ግን በዘር ሌላ ተክል ነው፤ እናንተ አትሳሳቱም።

አሁን አንድ ጎጆ ልወስዳችሁ። ቨርጂኒያ ውስጥ ነው፣ ባርነት ሊቀር ጥቂት ዓመት ሲቀረው። ወለሉ አፈር ነው። መሃሉ ላይ ጥልቅ ጉድጓድ ተቆፍሮ በሳንቃ ተከድኗል። በክረምት የጌታው ስኳር ድንች የሚከማችበት ነው። እናቲቱ የእርሻው ምግብ አብሳይ ናት። ትንሽ ልጇ ድንቹ ሲገባና ሲወጣ አንድ ሁለቷን ያገኝና እየጠበሰ ይበላ ነበር። ያ ልጅ ቡከር ቲ. ዋሽንግተን ይባላል። አድጎ በ1881 አላባማ ውስጥ ቱስኪጊ የሚባለውን ትምህርት ቤት አቆመ። ይህንን የጉድጓዱን ነገር የጻፈው ራሱ ነው፣ በ1901 ባሳተመው የሕይወት ታሪኩ።

በዚህ ነገር ላይ ቆም በሉልኝ። ልጁ የሚተኛው ወለል ላይ ነው። ከሥሩ ምግብ አለ፤ ምግቡ ግን የእሱ አይደለም። ያመረተው ሌላ፣ የሚያዝዝበት ሌላ። የስኳር ድንች ታሪክ ከዚህ ነው የሚነሳው።

የግብርና ባለሙያው በጋሪ መጣ

ባርነት በ1865 በሕግ ቀረ። መሬቱ ግን ለአራሹ አልተሰጠም። ነጻ የወጣው ሰው ጭሰኛ ሆነ። እኩል አራሽ፣ ሲሶ አራሽ የሚለውን አባቶቻችን ያውቁታል። ባለመሬቱ "ጥጥ ዝራ" ይላል፤ ገበሬው ጥጥ ብቻ እየዘራ መሬቱ ተሟጠጠ፣ ምግቡን በዱቤ ከሱቅ ይገዛል፣ መኸር ሲደርስ ዕዳው ምርቱን ይበላዋል።

በ1896 ቡከር ዋሽንግተን አንድ ባለሙያ ወደ ቱስኪጊ ጠራ። ስሙ ጆርጅ ዋሽንግተን ካርቨር ነው። ሚዙሪ ውስጥ ከባሪያ እናት ተወለደ፤ በሕፃንነቱ ወንበዴዎች ከእናቱ ጋር ሰርቀውት እሱ ሲመለስ እናቱ አልተመለሰችም። በብዙ መከራ ተምሮ በአዮዋ ግብርና ኮሌጅ ሁለተኛ ዲግሪ ያዘ። በውድድር ትልቅ ቦታ ማግኘት ሲችል ወደ ድሃው ገበሬ ሄደ፤ በ1943 እስኪሞትም እዚያው ኖረ።

ካርቨር ምን አደረገ? መጀመሪያ መሬቱን አየ። አሸዋማ፣ የተራበ መሬት ነው። "ጥጥን አፈራርቁት" አለ። መሬቱን የሚያድሱ አተር መሰል ሰብሎችንና ኦቾሎኒን፣ ለቤት ምግብ ደግሞ ስኳር ድንችን አመጣ። ከመጀመሪያዎቹ የምርምር ጽሑፎቹ አንዱ፣ በ1898 የወጣው፣ ስለ ስኳር ድንች ሙከራ ነው።

ሁለተኛ፣ ገበሬው ወደ ትምህርት ቤት መምጣት እንደማይችል ተረዳ። ስለዚህ ትምህርት ቤቱ ወደ ገበሬው ሄደ። በ1906 አንድ በበቅሎ የሚጎተት ጋሪ አዘጋጁ። ማረሻ፣ ዘር፣ የወተት ዕቃ፣ የማብሰያ ዕቃ ጭኖ ከመንደር መንደር ይዞር ነበር። ገንዘቡን በሰጠው ሰው ስም "የጄሰፕ ጋሪ" ተባለ። በጋሪው እየዞረ የሚያስተምረው ቶማስ ካምቤል ይባላል፤ በዚያው ዓመት የመንግሥት የግብርና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ ሆኖ ተቀጠረ፣ ከጥቁሮች የመጀመሪያው ነው። በ1914 የአሜሪካ መንግሥት የኤክስቴንሽን አገልግሎትን በመላ አገሪቱ በሕግ አቋቋመ።

ወደ እኛም የመጣው ከዚያው ከአሜሪካ የግብርና ኮሌጆች አሠራር ነው። በ1950ዎቹ የኦክላሆማ የግብርና ኮሌጅ መምህራን መጥተው የዓለማያን ኮሌጅ (የዛሬውን ሐረማያ ዩኒቨርሲቲ) ሲያቋቁሙ ከሥራዎቹ አንዱ ኤክስቴንሽን ነበር። በ1963 ሥራው ወደ ግብርና ሚኒስቴር ተዛወረ። እኔ ዛሬ በስልክ ከእናንተ ጋር የማወራው የዚያ ጋሪ የልጅ ልጅ ሆኜ ነው በሉት።

ሦስተኛው ነገር ግን ከሁሉም ይበልጥብኛል። ካርቨር "አምርቱ" ብቻ አላለም። "እንዴት ይበላል?" የሚለውንም ጻፈ። የሚያሳትማቸው ትንንሽ ጽሑፎች ቀላል ቋንቋ ናቸው፤ ለአራሹ እንዴት እንደሚተክል፣ ለእመቤቲቱ እንዴት እንደምታበስል ይናገራሉ። በ1936 ባወጣው ስለ ስኳር ድንች በተጻፈ ጽሑፍ ውስጥ አንዱ አሠራር ስኳር ድንችን ከአፕል ጋር መጋገር ነው። ቁጥራቸውን እኩል አድርጋችሁ ሁለቱንም በስሱ ቁረጡ፤ አንድ ረድፍ ስኳር ድንች፣ አንድ ረድፍ አፕል እያደረጋችሁ ደርቡ፤ ከላይ ስኳርና ቅቤ፣ ትንሽ ሙቅ ውኃ፤ ከዚያ በቀስታ አንድ ሰዓት። በቃ። የዛሬው የበዓል ማዕድ ምግብ በአንድ የግብርና ባለሙያ ምክር ውስጥ ተቀምጦ ነበር ማለት ነው።

ለምን ይህ ይጠቅማል? ገበሬ የሚንቀውን ሰብል አያለማም፣ ቢያለማም አይንከባከብም። እንግዳ ፊት የማይቀርብ ሰብል ዘሩ አይመረጥም፣ ማከማቻ አይሠራለትም። ካርቨር ይህ ገብቶት ነበር።

ዳቦ ሲጠፋ፣ ዳቦ ሲትረፈረፍ

በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ አሜሪካ ስንዴ አጠራት። በ1918 መጀመሪያ ካርቨር ወደ ዋና ከተማዋ ተጠርቶ ከስኳር ድንች ዱቄት ጋር የተደባለቀ ዳቦ እንዴት እንደሚጋገር አሳየ። ባለሥልጣናቱ ደስ አላቸው። ጦርነቱ ሲያበቃ ግን ስንዴ ተመለሰ፣ የስኳር ድንቹ ዱቄት ነገር ተረሳ። የክፉ ቀን ወዳጅ በደግ ቀን አይታወስም፤ ይህ የእኛም ነገር ነው።

በዚያው ዘመን ነጋዴውም ነቅቶ ነበር። በ1917 አንድ የከረሜላ ኩባንያ ማርሽማሎው የሚባለውን ለስላሳ ጣፋጩን ለመሸጥ ብሎ የምግብ አሠራር መጽሔት አሳተመ። ከውስጡ አንዱ በተፈጨ ስኳር ድንች ላይ ማርሽማሎው አድርጎ መጋገር ነው። እስከ ዛሬ በብዙ ቤት በበዓሉ ይቀርባል። በ1930ዎቹ ደግሞ የሉዊዚያና አምራቾች፣ የተሻሻለ፣ ሲበስል እርጥብ የሚል፣ ብርቱካንማ ዓይነት ይዘው ወጡ። ከሌሎች ክልሎች ስኳር ድንች እንዲለይላቸው ገበያ ላይ "ያም" ብለው ጠሩት። ባሪያው በናፍቆት ያወጣው ስም የንግድ ስም ሆነ።

ለምን በኅዳር? ምስጢሩ ማከማቸት ነው

ስኳር ድንች እዚያ አገር የሚቆፈረው ከመስከረም እስከ ጥቅምት ነው። በዓሉ ኅዳር ላይ። መሃል ላይ ያለው ጊዜ ባዶ ጊዜ አይደለም፤ ድንቹ የሚጣፍጠው በዚያ ጊዜ ነው። እንደተቆፈረ የበሰለ ስኳር ድንች ያን ያህል አይጣፍጥም። ሰነባብቶ ሲበስል ግን ስታርቹ እየተለወጠ ስኳሩ ይጨምራል።

በዘዴ የሚሠሩ አምራቾች መጀመሪያ "ቁስሉን ያድናሉ"። ሲቆፈር ቆዳው ይላጣል፣ ይቆረጣል። በሞቀና እርጥበት ባለው አየር (ወደ 30 ዲግሪ ሴንቲግሬድ) ከአራት እስከ ሰባት ቀን ሲቆይ ቁስሉ ላይ አዲስ ቆዳ ያበጃል። ከዚያ ወደ ቀዝቀዝ ያለ ቦታ (ከ13 እስከ 16 ዲግሪ) ይገባል። ድሮ ደግሞ ከውጭ የድንች ክምር እየሠሩ፣ በሣርና በአፈር ሸፍነው ነበር ክረምቱን የሚያሳልፉት። የቡከር ዋሽንግተን ጎጆ ጉድጓድም ይኸው ነው። አፕልም በጓዳ ብርድ ውስጥ እስከዚያ ይቆያል። እንግዲህ ሁለቱ በኅዳር አንድ ዕቃ ውስጥ የተገናኙት ሁለቱም ለዚያ ቀን ስለሚቆዩ ነው።

አንድ ማስጠንቀቂያ፦ ሁለቱ በማዕድ ይስማማሉ፣ በማከማቻ ግን አይስማሙም። ከአፕል የሚወጣ የማብሰያ ጋዝ ስኳር ድንቹን ጣዕሙን ያበላሸዋል። ለየብቻ አስቀምጧቸው።

ለእኛ የሚሆነው እነሆ፦

• ከመቆፈራችሁ ጥቂት ቀናት በፊት ሐረጉን ቁረጡ፤ ቆዳው ይጠነክራል።
• አፈሩ ደረቅ ሲሆን ቆፍሩ። አትወርውሩ፣ አታጥቡ።
• የተቆረጠውንና ነቀዝ የገባበትን ለዩ፤ የተቆረጠውን ቶሎ ብሉት፣ ነቀዝ የገባበትን ግን አትብሉት፣ ለከብትም አትስጡት። ከደህናው ጋር አታስቀምጡ።
• ደህናውን ጥላ ውስጥ፣ ሞቅ ባለ ቦታ፣ በሣር ወይም በጆንያ ሸፍናችሁ ሳምንት ያህል አቆዩት።
• ከዚያ ውኃ በማይገባበት፣ አየር በሚያገኝ ቀዝቃዛ ቦታ፣ በደረቅ ሣር መሃል ደርድሩት።
• ፍሪጅ ውስጥ አታስገቡት፤ ብርዱ ልቡን ያደርቀዋል።

ጎረቤታሞቹ የማይተዋወቁባት አገር

አሁን ወደ ቤታችን እንመለስ። ወላይታ ውስጥ ስኳር ድንች የብዙ ቤተሰብ ደጀን ነው፤ እህሉ ሳይደርስ የሚያሻግረው እሱ ነው። ከወላይታ ጋር በሚዋሰነው በጋሞ፣ ከአርባ ምንጭ በላይ ባለው ደጋ ላይ ደግሞ ጨንቻ አለች፤ የአፕል አገር። አፕሉን ከዛሬ 70 ዓመት ገደማ በፊት ሚሲዮናውያን አመጡት፤ ዛሬ ችግኙም ፍሬውም የጨንቻ መታወቂያ ነው። ካዛኪስታን ተራራ ላይ የተነሳውና ሞቃታማው አሜሪካ ላይ የተነሳው፣ እኛ ዘንድ የአንድ ቀን መንገድ በማይሞላ ርቀት ይኖራሉ። ታዲያ አፕሉ ለከተማ ሆቴል ይሄዳል፣ ስኳር ድንቹ ጓዳ ይደበቃል። በአንድ ማዕድ የሚገናኙት ከስንት አንዴ ነው።

ሌላም አለ። በብዛት የምናለማው ነጭ ሥጋ ያለው ነው። እሱ ኃይል ይሰጣል፤ ለቫይታሚን ኤ ግን እምብዛም ነው። ቫይታሚን ኤ ያነሰው ልጅ ዓይኑ ይጎዳል፣ በሽታ ይደጋግመዋል። ውስጡ ብርቱካንማ የሆነው ዓይነት ግን ለዚህ መድኃኒት ነው፤ አንድ መጠነኛ ሥር ለትንሽ ልጅ የቀን ፍላጎቱን ይሸፍናል። ይህንን ዓይነት በአፍሪካ በማዳቀልና በማስፋፋት ሥራ ማሪያ አንድራዴ፣ ሮበርት ምዋንጋና ጃን ሎው በ2016 የዓለም የምግብ ሽልማትን ከሃዋርዝ ቡዊስ ጋር ተካፍለዋል። በእኛም አገር እንደ ኩልፎ ያሉ ብርቱካንማ ዝርያዎች ተለቀዋል። ከወረዳችሁ ግብርና ጽሕፈት ቤት የሐረግ ቁራጭ ጠይቁ።

እዚህ ላይ የካርቨር ቅቤ ትርጉም ያገኛል። ያ ብርቱካንማ ነገር ወደ ሰውነት በደንብ የሚገባው ቅባት ሲኖርበት ነው። ስኳር ድንቹን ከትንሽ ቅቤ ወይም ዘይት ጋር መስጠት ለጣዕም ብቻ አይደለም፤ ለልጁ ዓይንም ነው።

እስቲ በእኛ እሳት እንሥራው

ኦቭን የለንም ብላችሁ አትተዉት። የድሮ አሜሪካኖችም በከባድ ብረት ድስት አድርገው፣ ከታች ፍም፣ ከክዳኑ ላይ ፍም አድርገው ነበር የሚጋግሩት። ይህ ማለት የእኛ ድፎ ዳቦ አይደል እንዴ? ከላይና ከታች እሳት።

ለስምንት ሰው ያህል፦

• መካከለኛ ስኳር ድንች 4 (ብርቱካንማው ቢሆን ይመረጣል)
• አፕል 4
• ቀይ ሽንኩርት 1 ትልቅ
• የደረቀ ዳቦ፣ ተቆራርሶ 4 እፍኝ
• ቅቤ 3 የሾርባ ማንኪያ (በጾም ዘይት)
• ትኩስ ውኃ ወይም መረቅ 2 ብርጭቆ
• ጨው፣ ትንሽ ቀረፋ

ስኳር ድንቹን አጥባችሁ ልጡና በአውራ ጣት ጫፍ ልክ ክተፉት። አፕሉንም እንዲሁ፤ ቆዳውን ባትልጡትም ይሆናል። ሽንኩርቱን በቅቤው አለስልሱት፤ ከስኳር ድንቹ፣ ከአፕሉና ከዳቦው ጋር ቀላቅሉት። ጨውና ቀረፋ ጨምሩ፣ መረቁን አፍስሱበት። በድስት ወይም በመጋገሪያ ዕቃ ውስጥ የኮባ ቅጠል አንጥፋችሁ ገልብጡት፣ በኮባ ሸፍኑት፣ ክደኑት። ከታች መለስተኛ እሳት፣ ከላይ ፍም። አንድ ሰዓት።

እሳቱን አታፋፍሙት። ስኳር ድንች በቀስታ ሲሞቅ ነው በውስጡ ያለው ስታርች ወደ ስኳር የሚለወጠው፤ በኃይለኛ እሳት ቶሎ ከበሰለ ለዚያ ጊዜ አያገኝም። ረመጥ ውስጥ የተጠበሰው ከተቀቀለው የሚጣፍጠው ለዚህ ነው። ስኳር መጨመር አያስፈልግም። አንድ ሰዓት ሲሞላ ቢላዋ ወግታችሁ እዩ፤ ካልተቃወመ ደርሷል። ከዶሮ ወጥ ጋር እንኳ ባይሆን ከአሩስቶ ወይም ከጥብስ ጎን ያምራል።

ልሰናበታችሁ

የአሜሪካው ስኳር ድንች ከረመጥ ወደ ማዕድ የወጣው በአንድ ቀን አይደለም። ያመረቱት ሰዎች ለራሳቸው ማምረት ሲችሉ፣ ማከማቻው ሲስተካከል፣ አንድ ባለሙያ "ይህን ምግብ አትናቁት፣ እንዲህ ሥሩት" ብሎ ሲጽፍ ነው። ሰብሉ ያው ነው፤ የተለወጠው የሰው ዓይን ነው።

"በእጅ የያዙት ወርቅ እንደ መዳብ ይቆጠራል" ይላሉ አባቶች። ብርቱካንማውን ስኳር ድንች ሰንጥቃችሁ እዩት፤ መልኩ ራሱ ወርቅ ነው። በሚመጣው በዓል እስቲ አንድ ድስት ሥሩና ከጓዳ አውጥታችሁ እንግዳ ፊት አስቀምጡት። ይቅርታ ሳትጠይቁ።

ከሠራችሁት እንዴት እንደሆነ ጻፉልኝ፤ ፎቶም ላኩ። ስልክ ለሌለው ጎረቤታችሁ ደግሞ አንብቡለት። ሰላም ሁኑ፣ ማሳችሁ ይባረክ!